አንድ ሜዳ፣ አራት ቡድን፦ ሐዋሳ ላይ የሰፈር ክለብ አያያዝ

ሐዋሳ ላይ ተማሪው ከትምህርት ቤት፣ ሠራተኛው ከሥራ የሚለቀቀው በተቀራራቢ ሰዓት ነው። ከ10 ሰዓት ጀምሮ ጀንበር እስክትጠልቅ ያለችው ጊዜ የሰፈር ክለብ ዋና ሀብት ናት። ሜዳው አንድ፣ ፈላጊው ብዙ። ዋናው ቡድን ቅዳሜ ጨዋታ አለበት ይባልና ከ13 ዓመት በታች ያሉት ልጆች ጠርዝ ላይ ቆመው እንዲያዩ ይደረጋል። በሚቀጥለው ሳምንትም ጨዋታ አለ። ወሩ ሲያልቅ ከነበሩት ልጆች ግማሹ ቀርቷል፤ አሰልጣኙም «ፍላጎት የላቸውም» ይላል። ልጆቹ ግን ያጡት የሚጫወቱበት ቦታ ነው። ከጥቂት ዓመት በኋላ ዋናው ቡድን የግራ ተከላካይ ሲያጣ፣ ያ ልጅ ሰፈሩ ውስጥ ባጃጅ እየነዳ፣ ክለቡ ከሌላ ከተማ በገንዘብ ተጫዋች ይፈልጋል።

የምጽፈው ከ13፣ ከ15 እና ከ17 ዓመት በታች ቡድኖችን ከዋናው ቡድን ጋር አንድ ላይ ይዞ፣ ለዋናው ቡድን ተጫዋቾች ጥቂት ገንዘብ እየከፈለ በከተማና በክልል ውድድር ለሚሳተፍ ክለብ ነው። ሐዋሳ ኳስ የሚያውቅ ከተማ ነው። ሐዋሳ ከተማ የተባለው ክለብ በ1996 እና በ1999 ዓ.ም. የፕሪሚየር ሊጉን ዋንጫ አንስቷል። ጥር 13 ቀን 2005 ዓ.ም. በአፍሪካ ዋንጫ ዛምቢያ ላይ ያገባው አዳነ ግርማ፣ ግብፅ ድረስ ሄዶ የተጫወተው ሽመልስ በቀለ የዚሁ ከተማ ልጆች ናቸው። ተሰጥኦ አልጠፋም። የሚጠፋው በአያያዝ ነው፤ አያያዙ ደግሞ ከሜዳው ይጀምራል።

ሜዳው

ሙሉ ሜዳ 105 በ68 ሜትር ነው፤ አሥራ አንድ ለአሥራ አንድ ሲጫወቱበት 22 ሰው ይይዛል። ያንኑ ሜዳ 50 በ32 ሜትር እያደረጋችሁ ብትከፍሉት አራት ትንንሽ ሜዳ ይወጣዋል፤ በርዝመቱ በኩል 5፣ በወርዱ በኩል 4 ሜትር መተላለፊያ ይተርፋል። በእያንዳንዱ ሰባት ለሰባት ቢጫወቱ በአንድ ጊዜ 56 ልጅ ኳስ ይነካል። ከ12 ዓመት በታች ያለን ልጅ በሙሉ ሜዳ ማጫወት ትርፉ ሩጫ ብቻ ነው፤ ጠንካራው ይመታል፣ ፈጣኑ ያሳድዳል፣ ሌላው ይመለከታል። 7.32 በ2.44 ሜትር የሆነው ትልቁ ጎል ለ10 ዓመት በረኛ ከራሱ በላይ የሚመጣውን ኳስ ሁሉ አሳልፎ መስጠት ነው። ለሰባት ለሰባት 3.66 በ1.83 ሜትር የሚሆን ጎል ይበቃል። ብረት ከሌለ ሁለት እንጨትና የተወጠረ ገመድ ይሠራል።

ሰዓቱን ለመከፋፈል የሚሻለው መንገድ ይህ ነው። ሰኞና ረቡዕ ከ10 ሰዓት እስከ 11 ሰዓት ከሩብ ሙሉ ሜዳው የታዳጊዎቹ ይሁን፣ ከዚያ በኋላ ዋናው ቡድን ይግባ። ማክሰኞና ሐሙስ ግማሹን ከ17 ዓመት በታች፣ ግማሹን ዋናው ቡድን ይያዝ፤ የመጨረሻውን 20 ደቂቃ አንድ ላይ ይጫወቱ። ለዋናው ቡድን ተጨማሪ ልምምድ ካስፈለገ ማለዳ 12 ሰዓት ተኩል ላይ ይሁን። ይህ ክፍፍል በጽሑፍ ሆኖ በአሰልጣኞቹ ሁሉ ካልተፈረመበት በመጀመሪያው አስቸጋሪ ጨዋታ ዋዜማ ይፈርሳል። ሴቶች ልጆች ካሏችሁ የመጀመሪያውን ሰዓት ስጧቸው፤ ሳይመሽ ቤታቸው ካልደረሱ ወላጅ በሁለተኛው ሳምንት ያስቀራቸዋል፣ ወላጁም ልክ ነው።

ሜዳ ሲሰመር በዓይን ግምት የተተከለ ችካል ሁልጊዜ ይጣመማል። ማዕዘኑን በገመድ አውጡት፦ ከጥጉ በአንድ በኩል 3 ሜትር፣ በሌላው 4 ሜትር ለክታችሁ የሁለቱ ጫፍ ርቀት 5 ሜትር ከመጣ ማዕዘኑ ቀጥ ብሏል። አራቱን ጥግ ከተከላችሁ በኋላ ሁለቱን ሰያፍ ለኩ፤ ለ105 በ68 ሜዳ ሁለቱም 125 ሜትር ከ10 ሳንቲ ሜትር መሆን አለባቸው። አንዱ ረዝሞ ሌላው ካጠረ ወደ ጥጉ ተመለሱ። ናይሎን ሲባጎ ስለሚለጠጥ ለመለኪያ አይሆንም፤ መስመሩን ለማቅናት ብቻ ተጠቀሙበት። የፍፁም ቅጣት ምት ክልሉ 16.5፣ የጎል ክልሉ 5.5፣ የፍፁም ቅጣት ምት ነጥቡ 11፣ የመሐሉ ክብ ከመሐል ነጥብ 9.15 ሜትር ነው። የጎሉን አግዳሚ ከፍታ ደግሞ በየወቅቱ መጀመሪያ እንደገና ለኩ። በረኛ የሚቆምበት መሬት እየተበላ ስለሚጎደጉድ በሥራው ጊዜ 2.44 የነበረው ከፍታ ሳይታወቅ 2.50 ያልፋል።

ለመስመር ጄሶ ተጠቀሙ። ውሃ ያልነካው ኖራ ከላብ ጋር ሲገናኝ ቆዳ ያቃጥላል፤ ዓይን ውስጥ ከገባ እስከ መታወር ሊያደርስ ይችላል። መስመር ላይ ተንሸራትቶ የወደቀ ልጅ ጭኑ ቢላጥ የሣር መስሏችሁ እንዳታልፉት፤ መስመሩ በምን እንደተሠራ ጠይቁ። የሙሉ ሜዳ መስመር ሲደመር ወደ 700 ሜትር ይሆናል፣ ስለዚህ በእጅ መበተን ብዙ ያባክናል። ታቹ የተበሳ ጣሳ በእንጨት ላይ ተቸንክሮ እየተነቀነቀ ቢሄድ ጄሶውን ይቆጥባል።

ጎሉ ተንቀሳቃሽ ከሆነ ይህን ከሁሉ አስቀድሙ፦ የኋላው ብረት መሬት ላይ ካልታሰረ ወይም በአሸዋ ከረጢት ካልተጫነ ልጅ አግዳሚው ላይ ሲንጠላጠል ይገለበጣል። በዚህ ምክንያት በዓለም ላይ የሞቱ ልጆች ብዙ ናቸው። ልምምድ ሲያልቅ ጎሉን ፊቱን ወደ መሬት አስተኝታችሁ ሂዱ።

የሐዋሳ አፈር አሸዋማ ነው፣ ቀላልና ሻካራ የእሳተ ገሞራ ጠጠርም አለበት። ጥቅሙ ከዝናብ በኋላ ውሃውን ቶሎ መጣሉ ነው። ጉዳቱ ደግሞ በጥርና በየካቲት አቧራ መሆኑ፣ የኳሱንም ቆዳ እንደ ሞረድ መብላቱ ነው። ውሃ ለማጠጣት ሙሉ ሜዳውን አታስቡ። 1 ሚሊ ሜትር ውሃ በ105 በ68 ላይ 7,140 ሊትር ይፈጃል፤ አንድ ቦቴ ተደፍቶ አቧራው በሰዓት ውስጥ ይመለሳል። ሁለቱን የጎል ክልሎች ብቻ ብታጠጡ ግን 200 ካሬ ሜትር ነው፤ 5 ሚሊ ሜትር ለማልበስ 1,000 ሊትር፣ ማለትም 50 ጀሪካን ይበቃል። ሜዳው ቶሎ የሚሞተውም እዚያው ነው። ሣር መትከል ከፈለጋችሁ ሰርዶ ነው የሚያዋጣው። ዝናቡ ሲይዝ፣ በሰኔ፣ ሥር ያለውን ቁራጭ በየ20 ሳንቲ ሜትሩ ትከሉ፤ እስኪያያዝ ድረስ ሰውም ከብትም አይርገጠው። ከብት በደረቅ ጊዜ ሣሩን ሲያሳጥር ይጠቅማል፤ በጭቃ ጊዜ ግን የኮቴው ጉድጓድ ደርቆ የልጆችን ቁርጭምጭሚት ይጠመዝዛል።

ስለ ኳስ በአጭሩ፦ እስከ 8 ዓመት ቁጥር 3፣ ከ9 እስከ 13 ቁጥር 4፣ ከ14 ጀምሮ ቁጥር 5። ለሁለት ልጅ ቢያንስ አንድ ኳስ ይኑር፤ 40 ልጅ በሦስት ኳስ ከተሰለጠነ ብዙውን ጊዜ የሚያሳልፈው በሰልፍ ነው። ደረቅ መርፌ የኳሱን ጎማ ይቀድዳል፤ በግሊሰሪን አርጥባችሁ አስገቡ። ማልያ የሚሰጥ ነጋዴ ስታገኙ ለታዳጊዎቹ ኳስ ጠይቁት።

መዝገቡ

ብዙ ክለብ የሚሸነፈው እዚህ ነው፤ ሽንፈቱ የሚታወቀው ግን ከአሥር ዓመት በኋላ በመሆኑ ማንም አይደነግጥም።

በፊፋ ደንብ አንድ ተጫዋች በውሉ ዘመን ውስጥ እያለ ከአገር ወደ አገር በክፍያ ሲዘዋወር ከክፍያው 5 በመቶው ላሠለጠኑት ክለቦች ይከፋፈላል። 12 ዓመት ከሞላው ወቅት እስከ 15 ድረስ ለእያንዳንዱ ዓመት ከጠቅላላው ዋጋ 0.25 በመቶ፣ ከ16 እስከ 23 ለእያንዳንዱ ዓመት 0.5 በመቶ ነው። በ100,000 ዶላር የተዘዋወረ ልጅን ከ12 እስከ 15 አራት ዓመት የያዘ ክለብ 1,000 ዶላር፣ እስከ 17 የያዘው ደግሞ 2,000 ዶላር ይደርሰዋል። ከዚህ የተለየ የማሠልጠኛ ካሳ የሚባልም አለ፤ ተጫዋቹ በሌላ አገር ክለብ ለመጀመሪያ ጊዜ ፕሮፌሽናል ሆኖ ሲፈርም የሚታሰብ ነው። ከ2022 እ.ኤ.አ. መጨረሻ ጀምሮ ፊፋ ክፍያውን በራሱ የክፍያ ማዕከል በኩል፣ ተጫዋቹ የተመዘገበባቸውን ክለቦች በሚዘረዝር የኤሌክትሮኒክ የተጫዋች ፓስፖርት እያጣራ ያስተላልፋል።

ይህ ፓስፖርት የሚሞላው የእግር ኳስ ፌዴሬሽኑ ዘንድ ባለው ምዝገባ ነው። የክለቡ ደብተር፣ የአሰልጣኙ ምስክርነት፣ የሰፈር ሽማግሌ ቃል ምዝገባውን አይተካም። ልጁ አምስት ዓመት በሜዳችሁ ላይ ቢያድግም ፌዴሬሽኑ ካልመዘገበው በወረቀት ላይ የእናንተ ልጅ አልነበረም። ስለዚህ 12 ዓመት የሞላውን ሁሉ በየዓመቱ፣ ገና ወቅቱ ሲጀመር፣ በከተማው ፌዴሬሽን በኩል አስመዝግቡ፤ ማኅተም ያረፈበትን ቅጂ ወስዳችሁ አንዱን ክለቡ ጋ፣ ሌላውን ወላጅ ጋ አስቀምጡ። ፎቶ አንስታችሁ ከአንድ ሰው ስልክ በላይ በሆነ ቦታ ያዙት፤ ጸሐፊው ሲለቅ መዝገቡ አብሮት የሚሄድበት ክለብ ብዙ ነው።

በመዝገቡ ላይ የልጁ ሙሉ ስም እስከ አያት፣ የልደት ቀን፣ የወላጅ ስምና ስልክ፣ ትምህርት ቤቱና ክፍሉ፣ የገባበትና የወጣበት ቀን፣ የደረሰበት ጉዳት ይስፈር። ስሙን አንድ ጊዜ በወሰናችሁት የላቲን አጻጻፍ ብቻ ጻፉት። አንዱ ወረቀት ላይ በአንድ «ኤስ»፣ ሌላው ላይ በሁለት የተጻፈ ስም ለኮምፒውተር ሁለት ሰው ነው።

የልደት ቀን ላይ የምንሳሳተው አብዛኛውን ጊዜ ከአቆጣጠር ልዩነት ነው። የዓለም አቀፍ የታዳጊ ውድድሮች የዕድሜ ገደብ የሚቆጠረው ከጃንዋሪ 1 ነው። እርሱ በእኛ ታኅሣሥ 23 ይውላል፤ በዘመነ ዮሐንስ ግን ታኅሣሥ 22። ታኅሣሥ 22 ቀን 2003 የተወለደ ልጅ በፈረንጆቹ የ2010 ልጅ ነው፤ በማግስቱ የተወለደው ጎረቤቱ የ2011 ነው፣ አንድ ዓመት ይለያያሉ። በ2004 ደግሞ ዘመኑ ዮሐንስ ስለነበር ታኅሣሥ 22 ራሱ ጃንዋሪ 1 ቀን 2012 ነው። «ሰባት ዓመት ጨምር» ብቻ ብሎ የሚያሰላ ጸሐፊ ከጥር እስከ ጳጉሜን የተወለዱትን ሁሉ በአንድ ዓመት ያስረጃቸዋል፤ ለእነርሱ የሚጨመረው ስምንት ነው። የልደት ምስክር ወረቀቱን ከእጁ አይታችሁ በሁለቱም አቆጣጠር ጻፉ። በአገራችን የልደት ምዝገባ በወጥነት የተጀመረው በ2008 ዓ.ም. ማብቂያ ላይ ስለሆነ ከዚያ በፊት ለተወለዱት የክትባት ካርድና የአንደኛ ክፍል መመዝገቢያ ተጨማሪ ማስረጃ ይሆናሉ።

ዕድሜ መቀነስን በተመለከተ በግልጽ እናገራለሁ። የ18 ዓመት ወጣት ከ15 ዓመት በታች ውስጥ ሲሰለፍ በጉልበት ስለሚያሸንፍ ቴክኒኩ ይቀራል፤ ከእኩዮቹ ጋር የተገናኘ ቀን ባዶውን ይሆናል። እውነተኛው የ14 ዓመት ልጅ ተጠባባቂ ወንበር ላይ ተቀምጦ ይሰለቻል። ፊፋ ከ2009 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ከ17 ዓመት በታች ውድድር ላይ የእጅ አንጓ በኤምአርአይ፣ የሰውነትን ውስጥ በሚያሳይ መሣሪያ፣ ያስመረምራል፤ ወረቀቱ ምንም ቢል የአንጓው አጥንት ዕድገቱን ጨርሶ ሙሉ በሙሉ ከተያያዘ ልጁ ይወድቃል። ሁለት የተለያየ የልደት ቀን ያለው ተጫዋች ደግሞ ፓስፖርት ሲያወጣም፣ ሲዘዋወርም ይያዛል። ዋንጫው የአንድ ቀን ነው፣ መዘዙ ለልጁ ሕይወት ሙሉ ይከተለዋል።

ክፍያና ፊርማ

ብዙዎቻችን «ከፊል ፕሮፌሽናል» እንላለን። በፊፋ ደንብ እንዲህ ያለ መደብ የለም። የጽሑፍ ውል ያለውና ለኳሱ ከሚያወጣው ወጪ በላይ የሚከፈለው ተጫዋች ፕሮፌሽናል ነው፤ የቀረው ሁሉ አማተር ነው። ይህን ያላወቀ ክለብ ለተጫዋቹ በየወሩ ጥሩ ገንዘብ በእጅ እየሰጠ ውል ስለሌለው በማንኛውም ሰዓት ሲሄድበት ምንም አያገኝም። ውል ያለውንም ቢሆን ከ18 ዓመት በታች ከሆነ ከሦስት ዓመት በላይ ማስፈረም አይቻልም።

ለትራንስፖርትና ለምግብ ብቻ የምትከፍሉም ከሆነ አንድ ገጽ ጻፉ፦ ስንት፣ መቼ፣ እስከ መቼ፣ ቢጎዳ ሕክምናውን ማን እንደሚከፍል፣ መልቀቂያ በምን ሁኔታ እንደሚሰጥ። ከሁሉም በላይ የሚያጣላው የሕክምናው ነው። ጉልበቱ የተበጠሰን ተጫዋች ለማሳከም ክለቡ ሲያመነታ የሚያዩት ታዳጊዎች ናቸው፤ ከወላጆቻቸው ጋር የሚያወሩትም እርሱን ነው።

ሒሳቡን በሁለት ክፈሉት። የታዳጊው ገንዘብ በሌላ የባንክ ደብተር፣ በሌሎች ፈራሚዎች ይያዝ፤ ከፈራሚዎቹ አንዱ ወላጅ ይሁን። አንድ ላይ ያለ ገንዘብ ሁልጊዜ ወደ ዋናው ቡድን ይፈሳል፣ ምክንያቱም የእርሱ ችግር ሁልጊዜ ነገ ጠዋት ነው፦ መኪናው ይከፈላል፣ ምሳ ይገዛል፣ ዳኛ ይከፈላል። ወቅቱ ሳይጀመር ከከተማ ውጭ የሚደረጉትን ጨዋታዎች ቁጠሩና በ23 ሰው አባዙት፤ 18 ተጫዋች፣ 5 የቡድን ሠራተኛ። ሻሸመኔ 25 ኪሎ ሜትር ስለሆነ ተጫውቶ ይመለሳል፤ ከዚያ የራቀ ከሆነ አልጋና ሁለት ተጨማሪ ምግብ ይጨመራል። ይህን ድምር በእጃችሁ ካለውና በጽሑፍ ቃል ከተገባላችሁ ጋር አስተያዩ። ካልተመጣጠነ ወደ ላይኛው ሊግ ማደግ ለክለቡ ዕዳ ነው፤ በአደገ በዓመቱ ታዳጊዎቹን በትኖ የተዘጋ ክለብ ከማየት፣ አንድ ዓመት እዚያው ሆኖ መጠናከርን እመርጣለሁ።

ሰውነት

ከ14 ዓመት በላይ ላሉት ፊፋ 11 ፕላስ የሚባለው ማሟሟቂያ አለ፦ 8 ደቂቃ ዝግ ያለ ሩጫ፣ 10 ደቂቃ የጥንካሬና የሚዛን ሥራ፣ 2 ደቂቃ ፈጣን ሩጫ። መሣሪያ አይፈልግም። በሳምንት ቢያንስ ሁለት ጊዜ ካልተሠራ ግን ጥቅሙ አይታይም። አሰልጣኞች የሚያስቀሩት መሐሉን 10 ደቂቃ ነው፣ አሰልቺ ስለሆነ፤ ጉዳት የሚቀንሰው ግን በአብዛኛው እርሱ ነው። በተለይ ተንበርክኮ ጓደኛ ቁርጭምጭሚቱን ይዞለት ቀስ እያለ ወደ ፊት የመውደቁ ሥራ የኋላ ጭን ጡንቻን ከመበጠስ ያድናል።

ከ10 እስከ 15 ዓመት ያለ ልጅ ከጉልበቱ በታች ያለው አጥንት አብጦ ሲነካ ካመመው፣ ወይም ከልምምድ በኋላ ተረከዙን ከያዘ፣ እያደገ ያለውን አጥንት ጅማቱ እየሳበው ነው። መታሸት አያድነውም። ዝላይና ሩጫ ቀንሱለት፣ በደረቅ ሜዳ ረጅም ጥርስ ያለው ታኬታ አስወልቁት፣ በቀስታ ይመለስ። ራሱን የተመታ ልጅ ደግሞ «ደህና ነኝ» ቢልም በዚያ ቀን ወደ ሜዳ አይመለስ።

የሐዋሳ ዝናብ ነጎድጓድ ይዞ ይመጣል። ነጎድጓድ እንደተሰማ ሜዳው ይለቀቅ፤ ከመጨረሻው ድምፅ በኋላ 30 ደቂቃ ሳይሞላ አትመለሱ። መጠለያው ቤት ወይም መኪና ነው፤ ዛፍ ሥርና የብረት ጎል አጠገብ አይሆንም። ከልምምድ በኋላ ሐይቁ ውስጥ ገብቶ መታጠብንም ከልክሉ። በሐዋሳ ሐይቅ ዳርቻ ቢልሃርዚያ አለ፤ ትሉ በቆዳ በኩል ስለሚገባ ውሃውን አለመጠጣት ብቻ አያድንም። ሁለት ጀሪካን ንጹህ ውሃ ሜዳው ላይ ይኑር።

በሁዳዴ የሚጾም ተጫዋች ምስር፣ ሽሮ፣ ቦሎቄና ለውዝ ካገኘ ጉልበቱን ይይዛል፤ የሚያደክመው እስከ 9 ሰዓት ምንም ሳይቀምስ በ10 ሰዓት ልምምድ መግባቱ ነው። በሶ በጥብጦ ይዞ ይምጣ፣ ከባዱ ሥራም ወደ መጨረሻው 40 ደቂቃ ይገፋ። በረመዳን ሙስሊም ተጫዋቾች ውሃ ስለማይጠጡ ልምምዱን አፍጥር ሊደርስ ሲል አድርጉት፣ ሩጫውን ቀንሱ። እሁድ ጠዋት ብዙ ልጅ ቤተ ክርስቲያን ነው፤ የታዳጊ ጨዋታ ከሰዓት ይሁን።

ከ17 ወደ ዋናው

ከ17 ዓመት በታች ያለ ልጅ ወደ ዋናው ቡድን ሲጠራ ብዙውን ጊዜ ወንበር ላይ ይቀመጥና ወቅቱን ሳይጫወት ይጨርሳል። ዋናው ቡድን በሳምንቱ ካላሰለፈው ወደ ዕድሜ እርከኑ ቡድን ወርዶ 90 ደቂቃ ይጫወት፤ ይህን የሚከታተል አንድ ሰው ይኑርና የእያንዳንዱን ልጅ የጨዋታ ደቂቃ በየሳምንቱ ይመዝግብ። በወር ከ180 ደቂቃ በታች የተጫወተ ልጅ ካለ አሰልጣኞቹ ቁጭ ብለው ይነጋገሩበት።

ደላላ የሚመጣውም በዚህ ዕድሜ ነው። «ውጭ እናስሞክርልሃለን» ብሎ ከወላጅ ገንዘብ የሚጠይቅ ሰው ሲመጣ ሁለት ነገር ጠይቁት፦ የፊፋ የወኪልነት ፈቃዱንና የጠሪውን ክለብ ደብዳቤ። ከ18 ዓመት በታች ያለ ተጫዋች ከአገር ወደ አገር መዘዋወር በፊፋ ደንብ የተከለከለ ነው፤ ልዩ ሁኔታዎቹ ጥቂት ናቸው፣ ዋነኛውም ወላጆቹ ከኳስ ጋር ባልተያያዘ ምክንያት አብረው ሲሄዱ ነው። ይህን ለወላጆች በዓመት አንድ ጊዜ ሰብስባችሁ ንገሯቸው፤ ቤት ሸጦ የሚሰጥ አለ።

ልጁ በሥርዓት ወደ ሌላ ክለብ ሲሄድ ደግሞ መልቀቂያውን አትያዙበት። የተመዘገበባቸውን ዓመታት የያዘ፣ ማኅተም ያለው ወረቀት ሠርታችሁ አንዱን ለራሱ፣ አንዱን ለአዲሱ ክለብ፣ አንዱን ለፌዴሬሽኑ ስጡ፤ አራተኛው በመዝገባችሁ ውስጥ፣ በስሙ ገጽ ላይ ይቆይ።